“አቻ የለሽ” የተባለው ቤትና ከሥሩ የተቀበረችው መንደር

ከታሪክ ጓዳ (የዘወትር ዓምዳችን)

  

የዛሬውን ጽሑፋችንን ያስጀመረን የአንዲት እናት ንግግር ነው። ውኃ ልንቀዳ ተሰልፈን ሳለ ወሬው እንደ ልማዱ ወደ አገር ቤት ሄደና አንዱ “የእኛ ሰፈር እኮ ፈርሷል አሉ፤ አሁን ሜዳ ነው” አለ። እኒህ እናት ጀሪካናቸውን አስቀምጠው፣ “እንግዲያማ ልጆቼ እዚያ አገር ነበረን ብለው ቢያወሩ ማን ያምናቸዋል? ቤቱ የለ፣ ምልክቱ የለ!” አሉ። ከሰልፉ የመለሰላቸው ሰው አልነበረም። እኛም ዝም አልን።

ነገሩ ግን ከልባችን አልወጣም። በዚህ ዓምድ እስካሁን ቆመው ስለሚታዩ ግንቦችና አብያተ መንግሥታት ነበር የምንጽፈው። ዛሬ ለእማማ መልስ ይሆን እንደሆነ ብለን ጨርሶ ስለጠፋ የንጉሥ ቤት እናወጋችኋለን። ዓመቶቹን በሙሉ የምንጠራው እንደ አውሮፓውያን አቆጣጠር ነው።

ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ

አገሩ እንግሊዝ ነው። ከለንደን በስተ ደቡብ ምዕራብ 20 ኪሎ ሜትር ያህል ርቆ፣ ሰሪ በሚባለው አውራጃ፣ ከዲንግተን የምትባል መንደር ነበረች። ትንሽ መንደር ናት። ከመቶዎች ዓመታት በፊት የታነጸ የማርያም ቤተ ክርስቲያን ነበራት። የባለ ርስቱ ቤት፣ የእህል ጎተራ፣ የገበሬዎች ቤትና እርሻም ነበራት። ባለ ርስቱ ሪቻርድ ኮዲንግተን ይባል ነበር። ስሙን ልብ ብላችሁ ካያችሁት ከመንደሯ ስም ጋር አንድ ነው፤ ቤተሰቡ የተጠራው በመሬቱ ስም ነውና።

በ1538 ዓመተ ምሕረት ንጉሡ ሄንሪ ስምንተኛ ይህን ቦታ ፈለገው። ሄንሪ ማለት ያ ስድስት ሚስት አግብቶ ሁለቱን በሰይፍና በመጥረቢያ ያስቀላው ንጉሥ ነው። ለብዙ ዓመታት ሲመኘው የኖረውን ወንድ ልጅ፣ ኤድዋርድን፣ በጥቅምት 1537 አግኝቷል። እናቲቱ ግን በአራስ ቤት ሞተች። ንጉሡ በዚያን ጊዜ ሰውነቱ ከብዶ፣ እግሩ ቆስሎ፣ ሩቅ አገር ሄዶ ማደን እየተሳነው ነበር። አደን በቅርቡ እንዲሆንለት ፈለገ። ደግሞም የፈረንሳዩ ንጉሥ ፍራንሷ ቀዳማዊ በፎንቴንብሎ ያሠራው ቤተ መንግሥት በዓለም ዝናው ወጥቶ ነበርና ቅናት ይዞታል። እናም የማንም ንጉሥ ቤት የማይስተካከለው ቤት ልሥራ አለ።

የትኛው ቦታ ላይ? ከዲንግተን ላይ። ሕዝቡስ? ሰማይ አይታረስ፣ ንጉሥ አይከሰስ ይሉ የለ! ለባለ ርስቱ በምትኩ ሳፎክ በሚባል ሩቅ አውራጃ፣ ኢክስወርዝ በተባለ ስፍራ፣ ከተዘጋ ገዳም የተወሰደ መሬት ተሰጠው። ይኸውም ካሳ መሆኑ ነው። ቤተ ክርስቲያኑ ግን ፈረሰ፣ የባለ ርስቱም ቤት ፈረሰ፣ መንደሯም ተነሣች። እርሻውና ግጦሹ ታጥሮ አጋዘን የሚረባበት የንጉሥ አደን ሆነ። በጠቅላላው ከ600 ሄክታር በላይ ነው።

አንድ ነገር በጎን እናስታውሳችሁ። በዚያው በ1538 በእኛ አገር ከኢማም አህመድ ጋር በነበረው ጦርነት ምክንያት አፄ ልብነ ድንግል ራሳቸው ከአምባ ወደ አምባ እየተሰደዱ ነበር። ከሁለት ዓመት በኋላ፣ በ1540፣ ደብረ ዳሞ ላይ ዐረፉ። እንግዲህ በአንድ ዘመን አንዱ ንጉሥ መንደር እያፈረሰ ሲገነባ፣ ሌላው ንጉሥ ደግሞ ቤት አልባ ሆኖ ይንከራተት ነበር ማለት ነው። የጊዜ ነገር!

ቤቱ እንዴት ያለ ነበር?

ሥራው የተጀመረው ሚያዝያ 22 ቀን 1538 ሲሆን፣ ይኸውም ሄንሪ ዙፋን ላይ የወጣበት 30ኛ ዓመት ሲጀምር ነው። ለመሠረቱ የሚሆን ድንጋይ በቅርብ ተገኘ። ንጉሡ በዚያን ሰሞን ገዳማቱን እያዘጋ ንብረታቸውን ይወስድ ነበርና ጥቂት ኪሎ ሜትር ርቆ ያለው የመርተን ገዳም ፈርሶ በሺህ የሚቆጠር ቶን ድንጋይ በጋሪ ተጓዘ። የመላእክትና የቅዱሳን ቅርጽ የነበረበት ጥርብ ድንጋይ ሁሉ ከመሠረት ውስጥ ገባ።

ቤቱ ሁለት ግቢ ነበረው። የውጭው ግቢ በድንጋይ የተሠራ፣ ብዙም ጌጥ የሌለው ነው። የውስጡ ግቢ ግን ጉድ ነበር። ወለሉ ላይ ያለው ክፍል ድንጋይ፣ ከዚያ በላይ ያለው እንጨት ሆኖ፣ በእንጨቱ መካከል ግድግዳው በነጭ የኖራ ልስን በተቀረጹ ምስሎች ተሸፈነ። የሮማ ነገሥታት አሉ፣ የጥንት አማልክት አሉ፣ ጀግኖች አሉ። የሄንሪና የልጁ የኤድዋርድ ምስልም አለ። ምስሎቹን ዙሪያቸውን የከበበው የእንጨት መዋቅር ደግሞ በተቀረጸ ጥቁር ጠፍጣፋ ድንጋይ ተለብጦ ወርቅ ተቀባ። ፀሐይ ስትወጣበት ነጩና ወርቁ ከሩቅ ያበራ ነበር። በደቡብ በኩል በሁለቱ ማዕዘን ባለ ስምንት ጎን ረጃጅም ማማዎች ቆሙለት። የልስኑን ሥራ የመራው ቀደም ሲል የፈረንሳዩን ንጉሥ ያገለግል የነበረ ኒኮላስ ቤሊን የተባለ ጣሊያናዊ ነው።

ስሙን ነንሰች አሉት። በእንግሊዝኛ “እንዲህ ያለ የለም” ማለት ነው፤ እኛ “አቻ የለሽ” ብንለው ያስኬዳል። እስከ 1545 ድረስ ብቻ ከ24,000 ፓውንድ በላይ ወጣበት። በዚያ ዘመን ይህ ለሰሚው የሚያስደነግጥ ገንዘብ ነበር።

ታዲያ ሄንሪ ጠገበው ወይ? የለም። በቤቱ ያደረው ጥቂት ጊዜ ብቻ ነው። በጥር 1547 ሲሞት ሥራው ገና አላለቀም ነበር።

ከእጅ ወደ እጅ

ከዚህ በኋላ ያለው የቤቱ ታሪክ የዕዳና የውርስ ታሪክ ነው። ልጁ ኤድዋርድ በአሥራ አምስት ዓመቱ ሞተ። እኅቱ ንግሥት ሜሪ ቤቱ ወጪ በዛበት ብላ አፍርሳ ቁሳቁሱን ለመሸጥ አስባ ነበር ይባላል። ያዳነው የአረንደል መስፍን ሄንሪ ፊትዝአለን ነው። በ1556 ከንግሥቲቱ እጅ ወሰደው፤ የቀረውንም ሥራ አስጨረሰ። ንግሥት ኤልሳቤጥ በነገሠች በማግሥቱ፣ በ1559፣ እዚያ ድረስ ሄዳ ስትጎበኘው ቀናት የፈጀ ድግስ ደገሰላት።

መስፍኑ በ1580 ሲሞት ቤቱ ለአማቹ ለጆን ለምሊ አለፈ። ለምሊ መጽሐፍ ወዳድ ሰው ነበር። ከአማቱ የወረሰውንና ራሱ የሰበሰበውን መጻሕፍት አንድ ላይ አድርጎ በእንግሊዝ አገር ካሉት ትልልቅ የግል ቤተ መጻሕፍት አንዱን አቋቋመ። ከአማቱ የወረሰው ግን ቤትና መጽሐፍ ብቻ አልነበረም፤ ዕዳም ወርሷል። በመጨረሻም በ1592 ቤቱን ለንግሥቲቱ አስረክቦ በምትኩ ሌላ መሬት ተቀበለ። ቢሆንም ከቤቱ አልወጣም፤ ትላንት ባለቤት የነበረው ሰው ጠባቂ ሆኖ እዚያው ኖረ።

በዚያ ቤት ትልልቅ ጉዳዮች ተፈጽመዋል። በነሐሴ 1585 ኤልሳቤጥ ከስፔን ንጉሥ ጋር ይዋጉ ለነበሩት ለኔዘርላንድስ ሰዎች ጦር ለመላክ የተስማማችበት ውል የተፈረመው እዚያ ነው። ውሉም እስከ ዛሬ በቤቱ ስም የነንሰች ውል ይባላል።

ሌላው በመስከረም 28 ቀን 1599 የሆነው ነው። ንግሥቲቱ አየርላንድ ያዘመተችው የኤሴክስ መስፍን ሳይፈቀድለት ጦሩን ጥሎ ተመለሰ። ከነጭቃው፣ ከነአቧራው ሰተት ብሎ መኝታ ክፍሏ ገባ። የ66 ዓመቷ ንግሥት ገና አልለበሰችም፣ ሰው ሠራሽ ጸጉሯንም አላደረገችም። በለሰለሰ ቃል አናግራ ሸኘችው። በዚያው ቀን ግን ከክፍሉ እንዳይወጣ ታዘዘ። ከዚያ በኋላ ነገሩ አልተቃናለትም፤ አምፆ ተያዘና በ1601 አንገቱ ተቀላ።

ከኤልሳቤጥ በኋላ ቤቱ የንጉሥ ጄምስ ሚስት የአን፣ ቀጥሎም የቀዳማዊ ቻርልስ ሚስት የሄንሪዬታ ማሪያ ሆነ። ከዚያ የእርስ በርስ ጦርነት መጣ። በጥር 1649 ንጉሡ ራሱ በአደባባይ ተሰየፈ። ፓርላማው የንጉሡን ንብረት ቆጥሮ፣ ለክቶ፣ መዝግቦ ሸጠ። የሄንሪ ኩራት የነበረው ቤትም የጦር መኮንኖች እጅ ገባ። በ1660 ንግሥናው ሲመለስ ቤቱም ለመበለቲቱ ለሄንሪዬታ ማሪያ ተመለሰላት።

በ1665 ለንደንን ትልቁ የወረርሽኝ መቅሠፍት ሲመታት የመንግሥቱ ግምጃ ቤት ሠራተኞች መዝገባቸውን ይዘው ወደዚህ ቤት ሸሹ። ባለ ወርቁ ቤተ መንግሥት መሸሸጊያ ሆነ ማለት ነው። የዕለት ውሎውን እየጻፈ ያስቀመጠልን ሳሙኤል ፒፕስ በዚያው ዓመት መስከረም ለሥራ ሄዶ አይቶታል። ጆን ኤቭሊን የተባለው ሌላው ጸሐፊም በ1666 መጀመሪያ ላይ ጎብኝቶ፣ ከሄንሪ ዘመን ጀምሮ ዝናብና ውርጭ ሲፈራረቅባቸው የኖሩት የልስን ምስሎች ሳይበላሹ መቆየታቸው ደንቆት ጽፏል።

ያፈረሰው ጠላት አይደለም

እንግዲህ ይህን የመሰለ ቤት በመድፍ ፈረሰ ትሉ ይሆናል። አይደለም። እሳትም አልበላው፣ መብረቅም አልመታው።

በ1670 ንጉሥ ቻርልስ ዳግማዊ ቤቱን ለቅምጡ ለባርባራ ቪሊየርስ ሰጣት። “የነንሰች እመቤት” የሚል ማዕረግም ጨመረላት። ሴትዮዋ ቁማር ትወድ ነበር፤ ዕዳዋም የትየለሌ ነው። ቤቱን ማደስ ገንዘብ ይጠይቃል፤ አፍርሶ መሸጥ ግን ገንዘብ ያመጣል። በ1682 እንድታፈርሰው ከንጉሡ ፈቃድ አገኘች። ከዚያ በኋላ እርሳሱ ከጣራው፣ እንጨቱ ከግድግዳው፣ ድንጋዩ ከመሠረቱ እየተነቀለ በዋጋ ሄደ። ከፊሉም ኤፕሶም አጠገብ ለሌላ ባላባት ቤት ዋለ። አጋዘን ይቦርቅበት የነበረው አደንም ተሸንሽኖ እርሻ ሆነ።

ሒሳቡን አብረን እንሥራው። ከ1538 እስከ 1682 ያለው 144 ዓመት ነው። የዓለም አቻ የለሽ የተባለው ቤት ዕድሜው ይኸው ነው። መቶዎች ዓመታት የቆየችውን መንደር አፍርሶ የቆመው ቤት፣ እሱም በተራው ማረሻ የሚሄድበት መሬት ሆነ። ከጊዜ ብዛት ቤቱ በትክክል የት ላይ እንደ ነበር እንኳ የሚያሳይ ግድግዳ አልተረፈም። አንዲት ቁማርተኛ የፈረመችው ወረቀት የጦር ሠራዊት ያላደረገውን አደረገ።

ታዲያ እንዴት አወቅነው?

ውድ አንባቢዎቻችን፣ እማማ ያነሡት ጥያቄ ያለው እዚህ ላይ ነው። ቤቱ የለ፣ ምልክቱ የለ፤ ታዲያ ይህን ሁሉ ከየት አምጥተን ጻፍነው?

አንደኛው ወረቀት ነው። ለአናጢው፣ ለግንበኛው፣ ለጋሪ ነጂው የተከፈለው ሒሳብ ተጽፎ ነበር። ፓርላማው ቤቱን ሲሸጥ ያስለካው ልኬት ተጽፎ ነበር። ፒፕስና ኤቭሊን ያዩትን የጻፉት ለመንግሥት ብለው አልነበረም፤ ማታ ማታ ለራሳቸው ነው።

ሁለተኛው ሥዕል ነው። ዮሪስ ሁፍናግል የተባለ የፍላንደርስ ሰው በ1568 ቤቱን በቀለም ሥሎታል። አንዲት ወረቀት ናት፤ ነገር ግን በ2016 ለንደን የሚገኘው የቪክቶሪያና አልበርት ሙዚየም በአንድ ሚሊዮን ፓውንድ ገዛት። ቤቱ ተነቅሎ ተሸጦ አለቀ፤ ሥዕሉ ግን ይኸው ዛሬም አለ።

ሦስተኛው መሬቱ ራሱ ነው። ጆን ዴንት የተባለ የአካባቢው የቤተ መጻሕፍት ኃላፊ ስለ ቤቱ የተጻፈውን ሁሉ ሲያሰባስብ ኖሮ በ1962 መጽሐፍ አሳተመ። ቁፋሮው የተካሄደው በ1959 ክረምት ላይ ነው። የመራው ማርቲን ቢድል የሚባል የ22 ዓመት የዩኒቨርሲቲ ተማሪ ሲሆን፣ ብዙ በጎ ፈቃደኞች አብረውት ቆፍረዋል። ሣሩ ሲነሣ መሠረቱ ወጣ፤ የወይን ጠጅ ማስቀመጫው ምድር ቤት፣ የልስኑ ስብርባሪ፣ ወርቅ የተቀባው ጥቁር ድንጋይ ሁሉ ወጣ።

ከሁሉ የገረመን ግን ቀጥሎ የተገኘው ነው። ከባለ ወርቁ የውስጥ ግቢ ሥር የከዲንግተን ቤተ ክርስቲያን መሠረት ተገኘ። የመንደሯም ሙታን መቃብር ተገኘ። ንጉሥ ሄንሪ ቤተ መንግሥቱን የሠራው ባለ አገሮቹ ላይ ነበር ማለት ነው። ነገሥታት በላያቸው ጨፍረው፣ ተፈራርመው፣ ተቀያይመው አለፉ። እነሱ ግን ከአራት መቶ ዓመት በኋላም ከቦታቸው አልተነቃነቁም ነበር።

ስሟም አልጠፋም። ስም ከመቃብር በላይ ይውላል ይባል የለ? ከዲንግተን ያለ ቤተ ክርስቲያን ከሦስት መቶ ሃምሳ ዓመት በላይ ስትኖር፣ አጥቢያነቷ በስም ሳይሰረዝ ቆየ። በ19ኛው ክፍለ ዘመን መጨረሻ እዚያው አካባቢ አዲስ ቤተ ክርስቲያን ሲሠራ፣ ስሙን የከዲንግተን ማርያም አሉት። ቦታው ዛሬ ሰው ውሻውን ይዞ የሚናፈስበት የሕዝብ መናፈሻ ነው። የአካባቢው አስተዳደሮች በ1937 ገዝተው ለሕዝብ አድርገውታል። ቤተ መንግሥቱ የነበረበትን ስፍራ የሚያመለክቱት ሦስት የድንጋይ ዓምዶች ብቻ ናቸው።

ለእማማ የምንመልሰው

እንግዲህ እማማ፣ መልሳችን ይኸውልዎ። ቤት ሲፈርስ አገር ነበረን የሚለው ነገር አይፈርስም፤ ነገር ግን በራሱም አይቆምም። የሚያቆመው ሰው ይፈልጋል። የነንሰችን ቤት ያቆሙለት ጸሐፊዎቹና ሠዓሊው ናቸው። የከዲንግተን ገበሬዎች ግን ጸሐፊ አልነበራቸውም። ስለ እነሱ ሲወራ የሚጠራው የባለ ርስቱ ስም ነው፤ ስለ መንደራቸውም ከወረቀት የምናገኘው ይበልጡን መንደራቸውን የወሰደው ንጉሥ ያጻፈውን ነው። ይህ የሚያንገበግብ ነገር ነው። ስለ እኛ ሰፈር ነገ የሚነበበው ያፈረሰው ሰው የጻፈው ብቻ እንዲሆን እንፈልጋለን ወይ?

እኛ ከዲንግተኖች ያልነበራቸው አለን። ልጆቻችን ትምህርት ቤት ይሄዳሉ፤ ደብተርና እርሳስ ከቤት አይጠፋም። ስለዚህ በዚህ ሰሞን በየቤታችሁ አንድ ሥራ እንድትሠሩ እንለምናችኋለን። ማታ እራት ከተበላ በኋላ ትልልቆቹ ይናገሩ፣ ልጆቹ ይጻፉ። የሰፈሩ ስም ማን ነበር? ለምን እንደዚያ ተባለ? በየት በኩል ወንዝ፣ በየት በኩል ተራራ ያዋስነው ነበር? ገበያው በስንት ቀን ይውል ነበር? ቤተ ክርስቲያኑ ወይም መስጊዱ የማን ይባል ነበር? ጎረቤት እነማን ነበሩ? ዘመድስ የት ተቀበረ? መሳል የሚችል ልጅ ካለ ደግሞ የቤቱን በር፣ የዛፉን ቦታ፣ የጉድጓዱን ቦታ ይሣል። ባያምርም ግድ የለም፤ ቦታው ትክክል ይሁን እንጂ።

ሲያልቅ ወረቀቱን ከሌላው ሰነዳችሁ ጋር በላስቲክ ጠቅልላችሁ አስቀምጡት፤ ዝናቡንና ምስጡን ታውቁታላችሁና። ቢቻል ሁለት ቅጂ ይሁን፤ አንዱ ሌላ ዘመድ ዘንድ ይቀመጥ። ለዚህች ጋዜጣ መላክ የምትፈልጉ በሚቀጥለው ዕትም ቦታ እናዘጋጃለን። ሆኖም የሰው ስምና ችግር የሚያመጣ ነገር አውጥታችሁ ላኩልን፤ ሙሉው እናንተው ዘንድ ይቅር።

እማማ ደግሞ አደራ፣ እርስዎ ይጀምሩልን። ጸሐፊ ከጠፋ እኛው ወረቀትና እስክሪብቶ ይዘን ውኃው ሰልፍ ላይ እንመጣለን።

በሚቀጥለው ዕትም እስክንገናኝ ቸር ይግጠመን።